ሟቹ ኦንላይን ነው

ሬሳው ከኋላ ደረጃው ግርጌ፣ ከቆሻሻ በርሜሎቹ አጠገብ በሆዱ ተደፍቶ ነበር። የኦክላንዱ ፍሩትቬል ሰፈር ገና እየነቃ ነው። ጉሙ ውስጥ ባቡር ሲያልፍ ይሰማል፤ ዳቦ ቤቱም በሩን ከፍቷል። ከቢጫው የፖሊስ ገመድ ወዲያ የቆሙት ጎረቤቶች ግን ድምፃቸውን ዝቅ አድርገው ነው የሚያወሩት።

መርማሪ ሸዋረጋ ጥሩነህ ጎንበስ ብላ ወደ ጎን የዞረውን የሟቹን ፊት አየች። የአገሯ ልጅ ነው። ኦክላንድ ፖሊስ ውስጥ ስትሠራ ብዙ ሬሳ አይታለች፤ በአማርኛ «ነፍስ ይማር» ያለችለት ግን ይኼ የመጀመሪያው ነበር።

«ሳህሌ ተክለጻድቅ» አለ ባልደረባዋ ኦርቴጋ፣ የሟቹን መንጃ ፈቃድ እያነበበ። «ብቻውን ነው የሚኖረው። ሥራው ሳን ሆዜ ነው፣ ኮምፒውተር ላይ።»

«አዳልጦት ነው?»

«ሐኪሙ አይመስለውም። ክንዱን እዪው።»

እጅጌውን ገለጥ አደረገችው። ከክርኑ በላይ የሰው ጣቶች ምልክት ጠቁሮ ታትሟል። አንድ ሰው ጨምድዶ ይዞት ነበር። ኪሱ ውስጥ የገንዘብ ቦርሳውና ቁልፉ አሉ። ስልኩ ግን የለም።

ጎረቤቱ ሉፔ፣ ዕድሜዋ ገፋ ያለ ሜክሲኳዊት፣ መሐረቧን አፏ ላይ እንደያዘች ቀረበች። ትናንት ሊመሽ ሲል ደረጃው ላይ ሁለት ወንዶች ሲነጋገሩ ሰምታለች።

«በምን ቋንቋ?» አለቻት ሸዋረጋ።

«በሱ ቋንቋ። በስልክ ሲያወራ በግድግዳው ስለምሰማው አውቀዋለሁ።»

«ይጣሉ ነበር?»

ሉፔ አሰብ አደረገች። «ጠብ አይመስልም። እሱ የሚለምን ነበር የሚመስለው። ሌላኛው ዝም ብሎ ይሰማዋል። ከዚያ ከባድ ነገር ሲወድቅ ሰማሁ። ቆሻሻ የጣሉ መስሎኝ መስኮቱን እንኳ አልከፈትኩም።»

ቤቱ ውስጥ የሟቹ ላፕቶፕ ጠረጴዛው ላይ እንደበራ ቀርቷል። ኦርቴጋ ስክሪኑን ሲያይ ፊቱ ተለወጠ።

«ይኼን አውቀዋለሁ፣ እኔም እገባበታለሁ» አለ። «‹የፔሊካን ጎጆ› ይሉታል። የሞንት ራሞስ ኮሌጅ ባስኬት ቡድን ደጋፊዎች የሚያወሩበት ገጽ ነው። ቡድኑ ሲያሸንፍ ይጨፍሩበታል፣ ሲሸነፍ ደግሞ ሰው ይበሉበታል። አድሚኑ ይኼ ሰው ነበር ማለት ነው።»

ሸዋረጋ ወደ ታች እያወረደች አነበበች። ገጹን የሞላው የአንድ ልጅ ስም ነው፤ ዮሚፍ ክብሮም። ባለፈው ጨዋታ ማብቂያ ላይ፣ ማንም ሳይከላከለው የሚወረውራትን ፍሪ ትሮው ስቷት ቡድኑ ከውድድር ወጥቷል። ከዚያ ወዲህ ልጁን ያልረገመው የለም። ግሌን የሚባል ሰው «ልጁን የሚከላከለው አድሚን የት እንደሚኖር አውቃለሁ፤ ቀኑ ይመጣል» ብሎ ጽፏል። ከሁሉ የከፋው ግን ራሱን «አሮጌ ስኒከር» ብሎ የሰየመ ሰው ነው። የልጁን ቤት ፎቶ አንስቶ ለጥፎታል። ከሥሩ ያለው ጽሑፍ አጭር ነው፦ «የምትተኛበትን መስኮት አውቀዋለሁ።»

ከሳህሌ ስም ጎን አረንጓዴ ነጥብ በርታለች።

«ይቺ ምንድናት?»

«ኦንላይን ነው ማለት ነው። ላፕቶፑ ክፍት ስለሆነ ይሆናል» አለ ኦርቴጋ።

ይኼን ተናግሮ አፉን ሳይዘጋ፣ ሁለቱም እያዩ፣ ማንም ቁልፍ ሳይነካ፣ ከገጹ ላይ አንድ ጽሑፍ ጠፋ። በቦታው «አድሚን ሳህሌ አጥፍቶታል» የሚል መስመር ወጣ።

ኦርቴጋ እጁን ከጠረጴዛው ላይ አነሳ። ሸዋረጋ በመስኮቱ ወደ ታች አየች። ሳህሌ ነጭ ጨርቅ ለብሶ እዚያው ተኝቷል። ስልኩን የያዘው ሰው ደግሞ የሆነ ቦታ ሆኖ በሟቹ ስም ይጽፋል፣ ይሰርዛል።

*

ሁለተኛዋ አድሚን ሂክማ ትባላለች። ሳን ሆዜ ውስጥ ፋርማሲስት ናት። የሳህሌን መሞት ስትሰማ ነጭ ጋወኗን እንደለበሰች የሠራተኞች ማረፊያ ክፍል ውስጥ ተቀመጠች።

«በአካል አግኝቼው አላውቅም» አለች። «ግን በየቀኑ እናወራ ነበር። ልጁ የሐበሻ ልጅ ስለሆነ ነገሩ በጣም ከንክኖት ነበር። ዛሬ ጠዋት ኦንላይን ሲሆን ‹እንዴት አደርክ› ብዬ ጽፌለታለሁ።»

«መለሰልሽ?»

«‹ደህና› አለኝ።»

ክፍሉ ሞቃት ነበር። ሸዋረጋ ኮቷን አውልቃ ወንበሩ ላይ ጣል አደረገች። የገጹን ባለቤት ኩባንያ ለመጠየቅ የፍርድ ቤት ትእዛዝ ያስፈልጋል፤ ትእዛዙም ተጠይቋል፤ መልሱ ግን ዛሬ አይመጣም።

«ምን ምን አጠፋ?»

«ሁለት ብቻ። ከዚያ በኋላ ነገሩ ስላላማረኝ የማጥፋት ሥልጣኑን ነጠቅኩት። አካውንቱን ግን አልዘጋሁትም። የጠፋውን እኛ አድሚኖች መልሰን ማየት እንችላለን።» ስልኳን አዞረችላቸው። «ሁለቱም የአሮጌ ስኒከር ናቸው። የሚገርመኝ፣ ለማስረጃ ብለን ያቆየነውን የቤቱን ፎቶ ትቶታል፤ እገድልሃለሁ የሚለውንም አልነካም። ያጠፋው ምንም ዛቻ የሌለባቸውን ነው።»

ቤቱ የሚቃጠልበት ሰው መጀመሪያ ይዞ የሚሮጠው የሚሳሳለትን ነው፤ ነፍሰ ገዳይም መጀመሪያ የሚያጠፋው የሚያጋልጠውን ነው። ሸዋረጋ ስልኩን ተቀብላ አነበበች። አንደኛው «የልጁ ቀኝ እጅ ድሮ ተሰብሮ ደህና አልገጠመም፤ ኳሱ ወደ ቀኝ የሚሄድበት ለዚያ ነው፤ ይኼን እኔ አውቃለሁ» ይላል። ሁለተኛውን ኦርቴጋ በትከሻዋ ላይ አጮልቆ ጮክ ብሎ በእንግሊዝኛ አነበበው።

«‹ለሱ ያልሆንኩት የለም። እጄ ግን አመድ የሚያፍስ እጅ ነው።› ምን ማለት ነው? የሰከረ ሰው የጻፈው ይመስላል።»

ሁለቱ ሴቶች ተያዩ።

«እጄ አመድ አፋሽ» አለች ሂክማ በአማርኛ፣ ድምፅዋ ሰልሎ። «በእንግሊዝኛ ስለነበረ አልፌው ሄጃለሁ። ሳህሌ ግን… እሱ ሳያስተውለው አይቀርም።»

ስንት ውለታ ውሎ ምስጋና የተነፈገ ሰው የሚላት ቃል ናት። ሸዋረጋ እናቷ ስትላት ሰምታለች። ፈረንጅ ግን አይላትም። ልጁን የሚያስፈራራው ሰው እንግዲህ ደጋፊዎቹ መሀል የተደበቀ የማያውቁት እብድ አይደለም። የሚያውቀው ሰው ነው።

*

የዮሚፍ እናት ካስትሮ ቫሊ ነው የምትኖረው። መጋረጃው ሁሉ ተዘግቷል። በሩን የከፈቱላት ሸበቶ ሽማግሌ ከኋላዋ መንገዱን ግራና ቀኝ ቃኝተው መልሰው ቆለፉት።

«ግቢ፣ ልጄ። ፍቅሬ እባላለሁ። ኮትሽን ላንሳልሽ።» ተቀብለዋት በሩ ኋላ ሰቀሉት።

ጥሩዬ ሶፋው ጫፍ ላይ ኩርምት ብላለች። በርክሌ አንድ ሆስፒታል ውስጥ ነርስ ረዳት ናት። ፎቶው ከተለጠፈ ወዲህ ግን ሥራ አልገባችም።

«መኪና ባለፈ ቁጥር ልቤ ይቆማል» አለች። «ሳህሌ ደጋግሞ ይደውልልኝ ነበር። ልጄን የሚቀርበውን ሰው ሁሉ እየጠየቀ ‹አይዞሽ፣ እደርስበታለሁ› ይለኝ ነበር። ይኸው እሱንም በሉት። ጋሼ ፍቅሬ ባይኖሩ አብደን ነበር። ልጄን በነፃ ያሠለጠኑት እሳቸው ናቸው፤ ሥራቸውን ጨርሰው ከቤት እየወሰዱ፣ እየመለሱ። አሁን ደግሞ እዚሁ ሶፋው ላይ እያደሩ ይጠብቁናል።»

«ትናንት ወደ ማታ ሁላችሁም የት ነበራችሁ?»

«እዚሁ ነዋ። የት እንሄዳለን?»

«እኔ ለቤት አንዳንድ ነገር ልገዛ ወጣ ብዬ ነበር» አሉ ጋሼ ፍቅሬ። «እነሱማ ደጅ አይወጡም።»

ዮሚፍ ማዕዘኑ ላይ ረጅም እግሮቹን አጣጥፎ ወለሉ ላይ ተቀምጧል። ሸዋረጋ በአማርኛ ስትጠይቀው ይገባዋል፤ የሚመልሰው ግን በእንግሊዝኛ ነው።

«አባትህስ ከጎንህ ነው?»

«አባቴ ባስኬቱን ጠልቶት አያውቅም» አለ ልጁ ቀስ ብሎ። «የፈራው ትምህርቴን እንዳይነካው ነው። ከጨዋታው በኋላ ሲደውል አላነሳሁለትም።»

«ክብሮም ተለያይተናል» አለች ጥሩዬ። «ሳህሌ ላይ ተቆጥቶ ነበር። ‹የልጄን ስም ከዚያ ገጽ ላይ ካላጠፋህ እቤትህ እመጣለሁ› ብሎታል።»

ጋሼ ፍቅሬ በረጅሙ ተነፈሱ። «ክብሮም ቁጡ ነው። ክፉ ግን አይደለም» አሉ።

ስትወጣ ጉሙ ቀለል ብሎ ፀሐይ ወጥታ ስለነበር ኮቷን በክንዷ እንደያዘች መኪናዋ ውስጥ ገባች። ሞተሩን ሳታስነሳ ስልኳ ጮኸ። ለምርመራው ብላ ጠዋት የፔሊካን ጎጆ ላይ በራሷ ስም አካውንት ከፍታለች። መልእክት መጥቶላታል። ላኪው ሳህሌ ነው።

«የኮትሽ ገበር ከብብቱ ሥር ተተርትሯል። አሰፊው።»

መንገዱን አየች። የቆመ ቫን፣ አትክልት የሚያጠጣ ሰው፣ ጋሪ የምትገፋ ሴት። ማንም አያያትም፤ ወይም ሁሉም ያይዋታል። ኮቱን ጭኗ ላይ ገለበጠችው። ከብብቱ ሥር ያለው ስፌት ተተርትሮ ነጩ ሙሌት ብቅ ብሏል። ራሷ እንኳ አላወቀችም ነበር። በሮቹን ሁሉ ቆልፋ ሞተሩን አስነሳች።

*

ግሌንን ኦርቴጋ አገኘው። ጣራ የሚሠራ፣ ሦስት ልጆች ያሉት ሰው ነው። ሳህሌ በሞተበት ሰዓት ሩቅ፣ ሬኖ ከተማ ውስጥ እንደነበር የሆቴሉ ካሜራ ይመሰክርለታል።

«ፖሊስ ነኝ ስለው ኮፍያውን አወለቀ» አለ ኦርቴጋ። «‹ቀልዴን ነው፣ እዚያ ሁሉም እንደዚያ ነው የሚጽፈው› አለኝ። ሚስቱ አጠገቡ ቆማ ነበር። ምን እንደሚጽፍ አታውቅም።»

የቀረው አባትየው ነው። አማርኛ ይናገራል፣ ዝቷል፣ ውለታዬ ተረሳ የሚል አባት ደግሞ ሞልቷል። በማግስቱ ክብሮምን ኦክላንድ አየር ማረፊያ አጠገብ፣ የሚነዳው የመንገደኞች ቫን ውስጥ አገኘችው። ጺሙን አልተላጨም።

«አዎ፣ ተቆጥቼዋለሁ» አላት ሳትጠይቀው። «አባት ነኝ። ልጄን ሲሰድቡት እያየሁ ዝም ልበል? ግን ቤቱ አልሄድኩም። ያን ማታ መንገደኛ ሳመላልስ ነው ያመሸሁት፣ መኪናው ውስጥ ካሜራ አለ፣ እዪው።»

«ሳህሌ ምን መለሰልዎት?»

ክብሮም መሪውን በሁለት እጁ ይዞ ወደ ፊት አየ። «‹ማን እንደሆነ ደርሼበታለሁ› አለኝ። ‹ስሙን ንገረኝ› አልኩት። እምቢ አለ። ‹ትልቅ ሰው ናቸው፤ መጀመሪያ እሳቸውን ላናግራቸው፣ ገመናቸው ይሸፈን› አለኝ። ምነው አስገድጄው ቢሆን።»

ትልቅ ሰው። ሸዋረጋ ስልኳን አውጥታ ስለ እጁ መሰበር የሚለውን የጠፋ ጽሑፍ አነበበችለት።

«የምን መሰበር?» አለ ክብሮም። ዞሮ አፍጥጦ አያት። «ዮሚፍ እጁ ተሰብሮ አያውቅም።»

ውሸት አልነበረም። ሰውየው በእርግጥ አያውቅም። ሸዋረጋ ከቫኑ ወርዳ ለጥሩዬ ደወለች።

«ጥሩዬ፣ ዮሚፍ ልጅ ሆኖ እጁ ተሰብሮ ነበር?»

«ማን ነገረሽ?»

«ማን ማን ነው የሚያውቀው?»

«እኔና እሱ። ሆስፒታል የወሰዱት ጋሼ ፍቅሬ ናቸው፤ ከሳቸው ጋር ሲለማመድ ነው የወደቀው። አባቱ ቢሰማ ባስኬቱን ያስተወዋል ብለን ደበቅነው። ለምንድነው?»

ሸዋረጋ ያን ዕለት ኮቷን ያወለቀችው ሁለት ቦታ ብቻ እንደነበር ትዝ አላት። አንደኛው ሳን ሆዜ ከሂክማ ጋር ነው፤ ሉፔ ደረጃው ላይ የሰማችው ግን የሁለት ወንዶችን ድምፅ ነው። ሁለተኛው ጋሼ ፍቅሬ የሰቀሉላት በሩ ኋላ ነው። መንገዱን ስትፈትሽ የሚያያት ሰው ከጀርባዋ፣ ከመጋረጃው ኋላ ቆሞ ነበር።

«ጋሼ ፍቅሬ የት ናቸው?»

«ዮሚፍን ይዘውት ወጡ። ‹ታፍኖ ሊሞት ነው፣ ኳስ ላስነካው› አሉኝ። ድሮ የሚያለማምዱት ሜዳ፣ ኮረብታው ላይ ካለው ትምህርት ቤት ይመስለኛል።»

«ስልክ ይዟል?»

«አልያዘም። ‹ይኼ ስልክ ነው የሚያሳብድህ› ብለው እኔ ጋ አስቀመጡት።» ከዚያ ድምፅዋ ተለወጠ። «ሸዋረጋ፣ ምን ሆነሻል? ልጄ ምን ሆነ?»

*

ኮረብታውን ስትወጣ ጉሙ ተመልሶ ወርዶ ነበር። ለኦርቴጋ በሬዲዮ ነግራዋለች፤ ገና ሩቅ ነው። ትምህርት ቤቱ ዝግ ነው። ከመኪናዋ ወርዳ ስታዳምጥ ሜዳው አይታይም፤ የኳስ ነጠራ ግን ይሰማል። ነጠር፣ ነጠር፣ ከዚያ ዝምታ፣ ከዚያ የብረት ድምፅ። ልጁ በሕይወት አለ። በአጥሩ ጥግ እየሄደች ሳለች ነጠራው ቆመ። ጠበቀች። አልተመለሰም። መሣሪያዋን አውጥታ ሮጠች።

ዮሚፍ መወርወሪያው መስመር ላይ ቆሟል። ቲሸርቱ በላብ ረጥቧል፤ እያለቀሰ ነው። ጋሼ ፍቅሬ ኳሱን በአንድ እጃቸው ደረታቸው ላይ ይዘውታል። ሌላው እጃቸው ጃኬታቸው ኪስ ውስጥ ነው።

«ይደግማል» አሉ ሳይዞሩ። «እስኪያገባ ይደግማል። አታቋርጪው፣ ልጄ።»

«እጅዎን ቀስ ብለው ያውጡ፣ ጋሼ።»

«ምን እየተደረገ ነው?» አለ ዮሚፍ በእንግሊዝኛ። መሣሪያዋን ሲያይ ወደ ሽማግሌው ጠጋ አለ፤ ሊከልላቸው ነው። ሸዋረጋን ከምንም በላይ ያስፈራት ይኼ ነበር። ልጁ በራሱ ፈቃድ ሰውየውና እሷ መሀል ገብቷል።

«ዮሚፍ፣ ወደኔ ና።»

«ምንም አላደረጉም። እሳቸው እኮ ናቸው…»

«አሮጌ ስኒከር ማን እንደሆነ ጠይቃቸው።»

ልጁ ዞረ። ጋሼ ፍቅሬ ፊቱን አላዩትም። እጃቸው ከኪሳቸው በዝግታ ወጣ፤ የሳህሌ ስልክ ነበር። ጎንበስ ብለው አስፋልቱ ላይ አስቀመጡትና ኳሱን ለቀቁት። ኳሱ እየነጠረ ወደ አጥሩ ሄደ።

«በቴሌቪዥን ጠየቁህ» አሉት በአማርኛ። «ማን አስተማረህ አሉህ። የኮሌጁን አሠልጣኝ ስም ጠራህ። እኔ ያን ቀን ሥራ ቀርቼ ነበር ላይህ የተቀመጥኩት።»

ዮሚፍ ከሽማግሌው ራቅ አለ።

«ተናድጄ አንድ ነገር ጻፍኩ። የማያውቁኝ ሰዎች ‹ልክ ነህ› አሉኝ። ብዙ ሰው። እኔ አገሩ ከገባሁ እንደዚያ የሰማኝ ሰው የለም።»

«የቤቱን ፎቶስ?» አለች ሸዋረጋ፣ አንድ እርምጃ ቀርባ።

«ከፎቶው በኋላ ጥሩዬ ደወለችልኝ። ‹ጋሼ፣ ይድረሱልን› አለችኝ። ያለኔ በር አይከፍቱም ነበር። ያለኔ እንቅልፍ አይወስዳቸውም ነበር።» ይኼን ሲሉ ፊታቸው ላይ ለቅጽበት ያየችው ነገር ደስታ ነበር።

«ሳህሌስ?»

«‹ሂዱና ራስዎ ለጥሩዬ ይንገሯት፣ እኔ ለማንም አላወራም› ብሎ ለመነኝ። ስልኩን ከፍቶ የጻፍኩትን ያሳየኛል። እሷ ፊት እንዴት ልቁም? ክንዱን ያዝኩት። ከዚያ ገፋሁት ይሁን ለቀቅኩት፣ እኔም አላውቀውም።»

«ያውቁታል፣ ጋሼ» አለች ሸዋረጋ።

የኦርቴጋ መኪና ድምፅ ኮረብታውን ሲወጣ ተሰማ። እጆቻቸውን ወደ ኋላ አድርጋ ስታስራቸው እንደ ልጅ ታዘዟት።

*

ከጥቂት ቀናት በኋላ ሸዋረጋ ካስትሮ ቫሊ ተመልሳ ሄደች። ጥሩዬ መጋረጃዎቹን ከፍታለች፤ ነገር ግን ከመስኮቱ ራቅ ብላ ነው የተቀመጠችው። ክብሮምም መጥቷል። ጓዳ ገብቶ ሳህን እያጠበ ነው፤ ስሙን ሲጠሩት ብቻ ብቅ ይላል።

ዮሚፍ አንድ ጥያቄ አለኝ አላት። ሲዘጋጅበት እንደቆየ ያስታውቃል፤ በአማርኛ ነበር የጠየቃት፣ እየተደናቀፈ።

«ሁሉም እሱ ነበር? ያ ሁሉ የጻፉት… ሁሉም ጋሼ ፍቅሬ ናቸው አይደል?»

እናቱ ሸዋረጋን አየቻት። በዓይኗ የምትለምናት ግልጽ ነበር፤ አዎ በዪው። ማን ምን እንደጻፈ የሚገልጸው፣ ከገጹ ኩባንያ የመጣው መልስ ሸዋረጋ ቦርሳ ውስጥ አለ። አዎ ብትለው ልጁ ዛሬ ማታ ይተኛል።

«አይደለም» አለችው። «የሳቸው ጥቂቱ ነው። ሌላው የሌሎች ሰዎች ነው።»

«እነሱ ይታሰራሉ?»

«አንዳንዶቹ ይጠየቃሉ። አብዛኞቹ ግን አይታሰሩም።»

«የት ነው ያሉት?»

«የትም። ሳን ሆዜ፣ በርክሌ፣ ምናልባት እዚሁ ሰፈር። ሥራ አላቸው፣ ልጆች አሏቸው። ምናልባት አጠገብህ ቆመው ቡና ሲገዙ አይተሃቸዋል።»

ዮሚፍ ራሱን ነቀነቀ። ጥሩዬ እጇን ዘርግታ ትከሻውን ያዘችው። ከጓዳ የውሃ ድምፅ ይሰማል።

ሸዋረጋ ስትነሳ ልጁ አብሯት ተነሳ።

«መኪናሽ ድረስ ልሸኝሽ» አላት።

«ዮሚፍ» አለች እናቱ።

«እመለሳለሁ፣ ማሚ።»

በሩን እሱ ራሱ ከፈተው። መንገዱ ላይ ቀትር ነው፤ የሆነ ቤት ሣር ያጭዳሉ፤ ከማዶ አንዲት ሴት ውሻ እየጎተተች ታልፋለች። ልጁ ሁሉንም መስኮት በየተራ ያያል፤ የአንገቱ የደም ሥር ሲመታ ይታያታል። መኪናዋ ጋ ሲደርሱ አልተመለሰም። እግረኛው መንገድ ላይ፣ ማንም ሊያየው በሚችልበት ቦታ፣ ረጅም እጆቹን አንጠልጥሎ ቆመ። ሸዋረጋ ሞተሩን አስነስታ ጥጉን እስክትታጠፍ ድረስ በመስተዋቱ ስታየው ነበር። አልገባም።